«መምህርት» ብዬ ላስቀበርኳት ልጄ

ልጄ ትርንጎ፣

ስትለዪኝ ድንቹ አብቦ ነበር። አሁንም አብቧል፤ ሙት ዓመትሽ ደርሷል። ፊደል እየለቀምኩ ነው የምጽፍልሽ፤ ታውቂዋለሽ፣ ታገሺኝ።

ቤቱ እንዳለ ነው። የጣራውን ቆርቆሮ ወንድምሽ ቀየረው። ፊልም ልታሳዪ ግድግዳ ላይ ትሰቅዪው የነበረውን ነጭ አንሶላ አጥቤ አስቀምጬዋለሁ፤ ማንም አይተኛበትም።

የሚከነክነኝን ልንገርሽ። ማስተማሩን ትተሽ ለልጆች ፊልም መሥራት ስትጀምሪ አፈርኩ። ከጓዳ ድንቼን ወስደሽ ዓይንና አፍ ፈልፍለሽለት፣ ከሰል የነካ እጁን ሳይታጠብ የሚበላ ልጅ አደረግሽው። በምግብ ትጫወቻለሽ ብዬ ተቆጣሁሽ። ታሪኩን የምትጽፊው፣ ድንቹን የምታንቀሳቅሺው፣ በእሱ አፍ የምትናገሪው አንቺው ነበርሽ፤ መጀመሪያ በአማርኛ፣ ከዚያ በአዊኛ። አዊኛው ሲጠፋብሽ ከምትሠሪበት ከዳንግላ ትደውዪልኝ ነበር። ቃሉን እነግርሽና ለምን እንደፈለግሽው ሳልጠይቅ ስልኩን እዘጋለሁ። ማኅበር ላይ ልጅሽ ምን ትሠራለች ሲሉኝም መምህርት ናት እል ነበር።

የቀብርሽ ቀን አልቃሿ እትዬ የሺ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብላ ሙያሽን ጠየቀችኝ። «መምህርት» አልኳት። እሷም ጠመኔሽን፣ ሰሌዳሽን በሙሾ እያነሳች ሰዉን አስለቀሰች። ፊልምሽን ያዩት የግምጃ ቤት ከተማ ተማሪዎች ግን ፊት የተፈለፈለበት ድንች ይዘው መጥተው ነበር። ግራ ገብቷቸው እርስ በርስ ተያዩ። ካሜራ ትይዝልሽ የነበረችው ጓደኛሽ ሙሉም አንገቷን ደፋች። ያን እያየሁ አላረምኩም። በለቅሶሽ መሀል እንኳ ማፈሬ አልለቀቀኝም።

በቀደም ሙሉን ለምኜ ፊልሙን አስመጣሁ። እትዬ የሺን ጠርቼ፣ አንሶላሽን ሰቅለን አየነው። ድንቹ በአዊኛ ሲናገር ድምፁ የአንቺ ነው፤ ቃላቱ እኔ በስልክ የነገርኩሽ ናቸው። እትዬ የሺ ሳቀች ሳቀችና ነጠላዋን ፊቷ ላይ ሳበች።

«ምነው ያኔ ብትነግሪኝ» አለችኝ።



ለሙት ዓመትሽ እንደገና በሙሾ ታነሳሻለች። ድንቹንም፣ ካሜራውንም፣ ሁለቱን ቋንቋሽንም ነግሬያታለሁ። ያኔ የሰማው ሰው ሁሉ ግን ላይመጣ ይችላል። ስለዚህ ስለ አንቺ ለሚጠይቀኝ ሁሉ፣ ገበያ መሀል ቢሆንም ቆሜ፣ ልጄ ለልጆች ፊልም ትሠራ ነበር እላለሁ። እስክሞት እላለሁ።

የዘንድሮው ድንች ሲወጣ ክብ ክቡን ለግምጃ ቤት ልጆች እለያለሁ። ዓይንና አፍ ያውጡለት። አልቆጣም።

እናትሽ