በግራቸው በኩል የተተወው ቦታ

አባታችን አቶ ኤሚል ሁዳክ በአሜሪካ፣ በፔንሲልቬኒያ የከሰል ከተማ በኮልተን ረን፣ ከአባታቸው ከማዕድን ቆፋሪው ከአቶ ሚሃል ሁዳክና ከእናታቸው ከወይዘሮ አና ፔትራሽ እ.ኤ.አ. ማርች 3 ቀን 1920 ተወለዱ። በስድስት ዓመታቸው የያዛቸው ኩፍኝ ግራ ጆሯቸውን ደፍኖባቸው ሄደ።

በትምህርት ቤት የአሜሪካ ፉትቦል ሲጀምሩ ከግራቸው የሚሰለፈው የጎረቤት ልጅ ስቲቭ ባራን ነበር። ኳሷ የምትነሳበት ጥሪ ከግራ ሲመጣ ስለማይሰማቸው ስቲቭ በእጁ ጎናቸውን ነካ ያደርጋቸዋል፤ እሳቸውም ያን ጊዜ ይነሳሉ። (ስቲቭን አንቱ ለማለት አፌ እምቢ አለኝ፤ ሃያ አራት ዓመቱ ላይ የቀረ ሰው ነው።) በ1941 ሁለቱም ለአንድ ክለብ ተቀጠሩ።

በ1943 ለውትድርና ምርመራ አብረው ቀረቡ። አባታችን መዝመት አጥብቀው ይፈልጉ ነበር። ሐኪሙ በግራ ጆሯቸው በኩል በሹክሹክታ የሚጠራውን ቁጥር ስቲቭ ከኋላ ቆሞ ጀርባቸውን በመንካት ሊነግራቸው ተስማምተው ነበር። ሐኪሙ ጠራ፤ የስቲቭ እጅ ግን አልተነሳም። አባታችን "አይሆንም" ተብለው ተመለሱ።

ደጅ ሲወጡ ስቲቭ ሳቀ። "አንተ ደንቆሮ! የአንዳችን እናት እንኳ አታልቅስ እንጂ" አላቸው።

"ያ እጅህ ሁለተኛ እንዳይነካኝ!" ብለውት ሄዱ። ስቲቭ ሲዘምትም ባቡር ጣቢያ ድረስ አልሸኙትም።

ተጫዋቹ ሁሉ ስለዘመተ ክለባቸው ከጎረቤት ክለብ ጋር ተዳብሎ በአንድ መለያ ተጫወተ። አባታችን ሳምንቱን ብረት ማቅለጫ ውለው እሁድ ይሰለፉ ነበር። ጥሪው ሳይሰማቸው ሲዘገዩ ተመልካቹ "አንተ ግንድ! ጉልበት ካለህ ጦርነቱ ወዲያ ነው!" ይላቸዋል። በኖቬምበር 1944 ስቲቭ ፈረንሳይ ላይ መሞቱ ተሰማ። ከዚያ እሁድ ጀምሮ አባታችን አንድም ቀን አልዘገዩም። ማን ይነካቸው እንደነበር ኋላ እኛ ልጆቻቸው ስንጠይቃቸው የግራ ጎናቸውን ዳሰስ ያደርጉ ነበር።

በ1946 ከእናታችን ከወይዘሮ ቬሮኒካ ጋር ተጋብተው ሦስት ልጆች አፈሩ። በ1948 የስቲቭ አስከሬን ሲመጣ ተሸክመው ቀበሩት። በዓመቱ ጫማቸውን ሰቅለው እስከ ጡረታቸው በብረት ማቅለጫው ሠሩ። በቤተ ክርስቲያንም በገበታም በግራቸው ማንንም አያስቀምጡም ነበር፤ "ሰው አለበት" ይላሉ። ልጅ ሳለሁ ያንን ባዶ ወንበር እፈራው ነበር። እናታችን ሃምሳ ስምንት ዓመት ሙሉ በቀኛቸው ተቀመጡ።

አባታችን በልብ ሕመም ሲታከሙ ቆይተው ኦክቶበር 9 ቀን 2004 ጠዋት ዐረፉ። የመጨረሻ ቃላቸው "ነካኝ፤ ልነሳ" የሚል ነበር። ሁላችንም በቀኛቸው ነበርን።

ባለቤታቸውን፣ ሦስት ልጆቻቸውንና አምስት የልጅ ልጆቻቸውን ትተው አልፈዋል። በኑዛዜያቸው መሠረት መቃብራቸው ከስቲቭ መቃብር በስተቀኝ ተቆፍሯል። አምላክ ነፍሳቸውን ከቂምም ከጸጸትም ያሳርፍልን። በግራቸው ሰው አለበት።