አማነሽ ያልኳት ሴት

ሚያዝያ 5

ከፋሲካ ዕረፍት በኋላ ሞአዶን፣ የሽማግሌዎቹ የቀን መዋያ፣ ተከፈተ። ሽማግሌዎቹ ከመዘጋቱ ይልቅ የመከፈቱን ቀን ይወዳሉ፣ እኔ ደግሞ በተቃራኒው። ወንበር ደረደርኩ፣ ሻይ አፈላሁ፣ አባ ተዘራ የስኳር መድኃኒታቸውን መዋጣቸውን ጠየቅሁ። የንባብ ሰዓት ሲደርስ አፈርኩ። የዕብራይስጡን እያየሁ በአማርኛ መንገር ነው ሥራዬ፣ ያለን መጽሐፍ ግን ስለ ደም ግፊት ብቻ ነው።

አባ ተዘራ ጭራቸውን ወዝወዝ አድርገው፦ "ዛሬም ጨው አትብሉ ልትይን ነው? ጨዋታውንስ ጨው አታሳጭብን እንጂ!" ሳቁ። እኔም ሳቅኩ... ግን ገባኝ። መሰላቸታቸው ነው።

ማታ ልጄን ሮኒን ልቀበል ባቡር ጣቢያ ሄድኩ። ሰው አንብቦ የጨረሰውን መጽሐፍ የሚተውበት መደርደሪያ አለ። አንዱን አነሳሁ። ሽፋን የለው፣ የመጀመሪያ ገጾቹ የሉ። ገለጥ ሳደርገው አንዲት እናት ከመንደሯ ስትሸሽ እጇ የገባላትን ወንፊት አፈፍ አድርጋ ትሮጣለች። ወንፊት! ሮኒ ትከሻዬን እስክትነካኝ ባቡሩ መግባቱን አላወቅሁም።

ሚያዝያ 6

ግማሹን አነበብኩ። ዓረቦች ናቸው። ይህች አሁን የምንኖርባት አገር ስትመሠረት በጦርነቱ ከመንደራቸው የወጡ። የምትተርከው ያኔ ትንሽ ልጅ የነበረች ናት፣ ስለ እናቷ፣ ስለ አባቷና ስለ ትንሽ ወንድሟ። መንደራቸው ከዚህ ከረሆቮት በአውቶቡስ ቅርብ ነው። እኔ በአውሮፕላን ተጭኜ ከመጣሁ ሃያ አራት ዓመቴ፣ በዚያ በኩል ስንቴ አልፌአለሁ። ማንም አልነገረኝም። እኔስ መች ጠየቅሁ?

ልመልሰው አሰብኩ። ተመልሶ ቦርሳዬ ገባ።

ሚያዝያ 12

ዛሬ አነበብኩላቸው።

የዓረብ ታሪክ ነው ብዬ ልጀምር ነበር። ወዲያው አባ ተዘራ አውቶቡስ ውስጥ ዓረብ አጠገባቸው ተቀምጦ እንዴት ወርደው በእግራቸው እንደሄዱ ማውራት ጀመሩ። ዋጥኩት። ገለጥኩና ጀመርኩ።

አባትየው ኢብራሂም ነው፣ አብርሃም አልኩ። አፌ ላይ የመጣልኝ እሱ ነው። ትንሹ ልጅ ሙሳ፣ ሙሴ ሆነ። እናትየው አሚና... አማነሽ። ከአፍ ከወጣ አፋፍ፣ እንግዲህ መመለስ የለም።

ከዚያ "በመንደሩ መሐል መስጊድ ነበር" የሚለው ጋ ደረስኩ። እንዳለ አነበብኩት። እዚህ ላይ አልዋሸሁም! እማ ከበደች ግን ቀና አሉ፦ "የኛም መስጊድ ከወንዙ በላይ ነበረ። ዙሪያው ድንጋይ።" ሁሉም ራሳቸውን ነቀነቁ። ጎንደር እያለን ክርስቲያኑ ቤተ ክርስቲያን ሲል እኛ አይሁዶቹ የጸሎት ቤታችንን መስጊድ እንል አልነበር? ቃሉ ልክ ነው። በልኩ ቃል ሌላ አገር ገቡ።

ያኔ ማቆም ነበረብኝ። ቀጥሎ "ሼኹ" ይላል። "ቄሱ" አልኩ፣ የኛን ካህን እንደምንጠራው። ይሄኛው ከአፌ አላመለጠኝም። አስቤ ነው።

"የየት ሰዎች ናቸው? የወገራ ናቸው የደንቢያ?" አሉ አባ ተዘራ።

"ሽፋኑ ተቀዷል አባ። አይታወቅም።"

"ወንፊት ይዞ መሰደድማ የወገራ ሴት ናት!" የወገራዋ እማ ከበደች በነጠላቸው ጫፍ መቷቸው። እንዲህ ሲስቁ አይቼ አላውቅም።

ሚያዝያ 14

ለወደቁት ወታደሮች መታሰቢያ ሳይረኑ ጮኸ፣ ቆምን። እማ ከበደች የልጅ ልጃቸውን የቤኒን ክንድ ይዘዋል። ቤኒ አምና በጦርነቱ ጋዛ ገብቶ ነበር። ሳይረኑ ካቆመ በኋላም ቆሞ ቀረ። "ከተመለሰ ወዲህ እንዲህ ነው፣ መኪናውን አቁሞ እውስጡ ይቀመጣል፣ ቤት አይገባም" አሉኝ በጆሮዬ።

ለኚህ ሴት ነው የምነግራቸው? አማነሽ የምትሏት አሚና ናት ብዬ?

ሚያዝያ 19

ዛሬ ወንበር አልበቃም። ከኦሺዮት ሰፈር ድረስ ሁለት እናቶች በአውቶቡስ መጡ፣ "የወንፊቷን ሴት ታሪክ የምታነብ እዚህ ናት?" እያሉ። የሞአዶኑ ኃላፊ ናዕማ፣ እዚህ የተወለደች የኛው ልጅ ናት፣ በሩ ላይ ቆማ አየችና "ኮል ሃካቮድ ዋጋዬ፣ ጎበዝ! ምንድነው የምታነቢላቸው?" አለችኝ።

"የመንገድ ታሪክ ነው። ስደት።"

ውሸት አይደለም። እውነትም አይደለም። እማ ከበደች ሲወጡ ጉንጬን ስመው "አገሬን መለስሽልኝ" አሉኝ። የማንን አገር?

ደስ አለኝ ደግሞ። ይሄን መጻፍ ያሳፍራል ግን ምስጋናው ጣፈጠኝ።

ሚያዝያ 26

ትናንት ቴል አቪቭ የኛ ልጆች ፖሊስን ተቃውመው ሰልፍ ወጥተው ተደብድበዋል። ቤኒ አያቱን ሊያመጣ ሲመጣ ክንዱ ተጠቅልሏል። "በፖሊስ ዱላ" አለ። አባ ተዘራ ግንባሩን ሳሙት። "ለአገሩ የተዋጋ ልጅ..." ብለው ተዉት።

ሌላ ምዕራፍ ላንብብ አሰብኩ። "የለም፣ ካቆምሽበት" አሉ። ያቆምኩት ደግሞ ሙሴ ሊሞት ሲል ነው። ሙሳ።

አነበብኩ። ሙቀቱ፣ ውሃ የለም፣ እናትየው ምላሱን በምራቋ ታርሳለች። አባትየው ከአንድ በለስ ሥር በእጁ ቆፍሮ ቀበረው፣ ኋላ ግን የትኛው ዛፍ እንደሆነ ማወቅ አቃተው። እዚህ ስደርስ እማ ከበደች ነጠላቸውን ፊታቸው ላይ ጣሉ። "ትርንጎዬ... ትርንጎዬ..." የሁለት ዓመት ልጃቸው ናት። ወደ ሱዳን ሲሄዱ መንገድ ላይ ሞታ አሸዋ ውስጥ ነው የቀበሯት። እሳቸውም ቦታውን አያውቁትም። ሁሉም አለቀሱ። አባ ተዘራ እንኳ ጨዋታቸው ጠፋ። ለአንድ ልጅ እውነተኛ ለቅሶ ተለቀሰ፣ እኔ ባወጣሁለት ስም።

ሲረጋጉ እማ ከበደች እጄን ያዙ። በመንገድ ያለቁት በሚታሰቡበት ቀን ስማቸውን የምጠራው እኔ ነኝ። "የዚህንም ልጅ ስም ጥሪልኝ፣ ከትርንጎዬ ቀጥለሽ። ጠሪ ያለው አይመስለኝም።"

"ቤሰደር እማ፣ እሺ" አልኩ።

ቤሰደር! ምኑ ነው ቤሰደር? አንድ ቀን በእግሬ ሳልሰደድ፣ በእግራቸው የሄዱትን ሴት አታለልኩ።

ግንቦት 2

ጉሮሮዬን አመመኝ ብዬ ሳላነብ ቀረሁ። አላመመኝም። ዝንጅብል በማር አምጥተውልኛል።

ግንቦት 5

እማ ከበደች ቤት ሄድኩ። ወጥ ቤት ተቀምጠው ጎመን ይቀነጥሳሉ። ቁጭ በይ አሉኝ፣ አልተቀመጥኩም። ብቀመጥ አልናገርም ነበር።

"እማ፣ የዚያ ልጅ ስሙ ሙሴ አይደለም።"

"ታዲያ ማነው?"

"ሙሳ። እናቱም አሚና ናት። ዓረቦች ናቸው።"

ቀና ብለው አዩኝ። "መስጊዱስ?"

"የነሱ መስጊድ ነው።"

"ቄሱስ?"

"ቄስ የለም። ሼኽ ነው። እኔ ነኝ የለወጥኩት።"

"አገራቸው ወዴት ነው?"

"እዚሁ። ከዚህ ወደ ባሕሩ በኩል፣ በአውቶቡስ ቅርብ ነው።"

በመስኮቱ አዩ። ፎቅ ነው የሚታየው፣ የታጠበ ልብስ የተሰጣበት። ወደኔ ዞሩ። "ልጁ ግን ሞቷል?"

"ሞቷል።"

"በውሃ ጥም?"

"በውሃ ጥም።"

እዚህ ላይ የሚራሩልኝ መስሎኝ ነበር። እንባዬን እንኳ አዘጋጅቼ ነበር፣ ምን ዓይነት ሰው ነኝ? እሳቸው ጎመኑን ገፋ አደረጉ።

"የመጣን ቀን አንዲት ፈረንጅ ጠረጴዛ ኋላ ተቀምጣ 'ከበደች ለአፍ ይከብዳል' አለችና ካርሚት ብላ ጻፈችኝ። አስተርጓሚው ሳቀ። እኔም ሳቅሁ፣ ምን ላድርግ? ለኔስ ይሁን፣ በሕይወት አለሁ፣ ከበደች ነኝ ብዬ እመልሳለሁ። የሞተ ልጅ ምን ብሎ ይመልስ?"

"ፈርቼ ነው እማ።"

"ማንን? እኔን?" ድምፃቸው ከፍ አለ። "ቤኒን ብዬ ጆሮዬን የምዘጋ መሰለሽ? ብዘጋስ የራሴ ጆሮ አይደለም? የማለቅስለትን እንኳ አንቺ መረጥሽልኝ!"

 

"ሂጂ አሁን" አሉ። እስከ በሩ አልሸኙኝም። እንግዳ ሳይሸኙ መቅረት እሳቸው ቤት ሆኖ አያውቅም። ደረጃውን ስወርድ ጎረቤት ሰላም አለኝ፣ ቀና ብዬ ማየት አቃተኝ።

ግንቦት 9

የመታሰቢያው ቀን። ሻማው በራ፣ ቄሱ ጸለዩ፣ ስም መጥራት ጀመርኩ። ትርንጎ ጋ ደረስኩ። እማ ከበደችን አየሁ። መሬት መሬት ያያሉ። ሙሴ ልበል? ሙሳ? የሚቀጥለውን ጠራሁ። ዘለልኩት። አንዴ ስሙን ቀየርኩ፣ አሁን ደግሞ ጭራሽ አጠፋሁት።

ሲያልቅ አባ ተዘራ፦ "የዚያን ልጅ ረሳሽው እኮ።" ከልባቸው ነው፣ አዝነው ነው የጠየቁት። ያኔ በሁሉም ፊት ተናገርኩ። ስሞቹን፣ ሼኹን፣ ሁሉንም።

አባ ተዘራ ዘንጋቸውን ተመርኩዘው ተነሱ። "እኔን ለዓረብ አስለቀስሽኝ?" አሉ። ጮኸው ቢሆን ይሻለኝ ነበር። ቀስ ብለው ነው ያሉት። "እኔ እኮ አምኜሽ ነው።" ወጡ። ሌሎቹም ተከተሏቸው። አንዲቱ የኦሺዮት እናት ስታልፍ እጇን አፏ ላይ አድርጋ ነበር።

እማ ከበደች ሻማው እስኪያልቅ ቁጭ አሉ።

ግንቦት 12

ናዕማ ቢሮዋ ጠራችኝ። "ለምን አልነገርሽኝም? መጽሐፉን እኮ አልከለክልሽም ነበር። የዋሸሽው ነው ያስቸገረኝ።"

አትከለክለኝም ነበር? አላመንኳትም። ወይስ ባምናት ሰበብ ስለማጣ ነው? ሰው ይከለክለኛል እያልኩ ራሴው ከለከልኩ።

የንባብ ሰዓቱ ወደ ጤና ተመለሰ። የፈለገ ሰው ካለ ግን ከምሳ በኋላ በትንሿ ክፍል ማንበብ እችላለሁ አለች። ማን ይፈልጋል? ዛሬ ስለ ጨው አነበብኩ። አባ ተዘራ አልመጡም። የሚቀልድብኝ ጠፋ።

ግንቦት 24

ከምሳ በኋላ ወንበር ሳነሳሳ እማ ከበደች ትንሿ ክፍል ገብተው ተቀምጠው አገኘኋቸው። የኦሺዮቷ እናት አጠገባቸው አለች፣ አንድ ሌላ ሽማግሌም በሩ ሥር። ሰላምታ ላቀርብ ስል በእጃቸው አቋረጡኝ።

"ከመጀመሪያው ጀምሪ። በስማቸው።"

ጀመርኩ። ኢብራሂም። አሚና። ሙሳ። ሼኹ። ስሞቹን ስጠራ ፊቴ እሳት ይሆናል፣ ደጋግሜ የተናገርኩትን ውሸት አንድ በአንድ የምለቅም ይመስለኛል። ማንም አልሳቀም፣ ወንፊቷ ጋ ስደርስም። ሽማግሌው መሐል ላይ ተነስተው ወጡ። ቀጠልኩ።

ቤኒ መጣ። የመኪና ቁልፉን እያሽከረከረ በሩ ላይ ቆሞ አያቱን ጠራ። "ሳቭታ፣ ያላ እንሂድ፣ መኪናዋን መንገድ ላይ ነው ያቆምኳት።"

እማ ከበደች ወደሱ አልዞሩም። እኔን ጠየቁኝ፦ "እናትየው እስከ መጨረሻው አለች? መጽሐፉ ሲያልቅ?"

"አለች። አርጅታለች።"

"የት?"

ቤኒን አየሁት። አማርኛው ብዙ አይደለም፣ የምመልሰውን ቃል ግን ያውቀዋል። "ድንኳን ውስጥ" ማለት እችል ነበር። "ሩቅ" ማለት እችል ነበር። አፌ ላይ መጥቶልኝ ነበር እኮ፣ እንደ ለመደው...

"ጋዛ" አልኩ።

ቁልፉ መሽከርከሩን አቆመ። ቤኒ ፊቱን ወደ ኮሪደሩ አዞረ። የሚሄድ መሰለኝ። ቢሄድ አልፈርድበትም።

"ቤኒ፣ ና ተቀመጥ" አሉ አያቱ።

"ሳቭታ፣ መኪናዋ..."

"ትቁም።"

የሽማግሌው ወንበር ባዶ ነበር። እዚያ ተቀመጠ፣ ክርኑን ጉልበቱ ላይ አድርጎ መሬት መሬት እያየ። እማ ከበደች እጃቸውን ጀርባው ላይ አሳረፉ።

"አንብቢ" አሉኝ።

ካቆምኩበት ቀጠልኩ። ገና መንደራቸው ናቸው፣ ሙሳም በሕይወት አለ፣ ከአባቱ ጋር በለስ ይለቅማል።