የፈረንጆቹ ፓምፕና የአባቴ ማኅደር

ማክሰኞ፣ ሚያዝያ 3 ቀን 1981

ለማንም አልነገርሁም እንጂ፣ ፓምፑ ምን እንደጎደለው የማውቅ ይመስለኛል። በድርቁ ጊዜ ፈረንጆቹ ሲተክሉት አጠገባቸው ቆሜ አይ ነበር። ውስጥ የሚገባው ብረት ጫፉ ላይ እንደ ሲኒ የጎበጠ ቆዳ ነበረው። እሱ ሳያልቅ አይቀርም።

ፓምፑ ከቆመ ስድስት ወር ሆነው። የጣናን ውኃ እየጠጣን ታናሽ እህቴ ብርቄ ለሁለተኛ ጊዜ ሆዷን ታመመች። የቀበሌው ሊቀመንበር ግን የፓምፑን መፍቻ ቢሮው ቆልፎበት፣ "ለፈረንጆቹ ጽፈናል፤ ጠብቁ" ይላል። እናቴ ዛሬ፣ "የእርዳታ ስንዴያቸው አለቀ፤ መጠበቁ ግን አላለቀልንም" አለች።

ረቡዕ

ለአባቴ ነገርኋቸው። ቁም ጸሐፊ ናቸው፤ ቆዳ ፍቀው ብራና ያወጣሉ፣ ዳዊትም ይጽፉበታል። ሳይስቁብኝ ሰሙኝና ሊቀመንበሩ ዘንድ ይዘውኝ ሄዱ።

"ከዚህ በላይ አይበላሽም፣ ጓድ" አሉት።

"ቢሰበር ተጠያቂው እርስዎ ነዎት" ብሎ መፍቻውን ሰጠን።

ፓምፑን ፈታን፤ ቆዳው አልቆ ነበር። በእሱ ልክ ከብራና ቆርጠን ገጠምን። አንድ እንስራ ሳይሞላ ቆመ። ስንፈታው ብራናው እንደ ተልባ ሙልጭልጭ ብሏል። ጎረቤታችን እትዬ ይታይሽ አባቴን፣ "መሪጌታ፣ ዳዊት በጥብጠው ሊያጠጡን ነው?" አለች። ሰው ሁሉ ሳቀ። አባቴም ሳቁ። እኔ ነጠላዬን ተከናንቤ ወደ ቤት ሮጥሁ።

ሐሙስ

ብራና ተፍቆ ይደርቃል እንጂ አይለፋም። ጥፋታችን እሱ ነው። የአባቴ የዳዊት መያዣ ማኅደር ግን የለፋ ቆዳ ነው፤ ከቁንዝላ ጣናን በታንኳ ተሻግረው ሲመለሱ ስንት ጊዜ ረጥቦ ምንም አልሆነ። ልጠይቃቸው ፈራሁ። ማኅደሩን ብቻ አየሁት።

ገባቸው። ዳዊቱን አወጡና የማኅደሩን ክዳን በካራ ቆርጠው ሰጡኝ። "ዳዊቱን በጨርቅ እጠቀልለዋለሁ" አሉኝ። ቆዳውን በኑግ ዘይት አሸሁና ቅርጽ እንዲይዝ የዘነዘና ጫፍ ላይ ወጥሬ አሰርሁት።

ዓርብ

ቆዳውን ገጠምነው፤ መጣ! መጀመሪያ አየር ተነፈሰ፣ ቀጥሎ የዛገ ውኃ፣ ከዚያ ንጹሕ። የሰፈሩ እንስራ ሁሉ ሞላ፤ አልቆመም። እትዬ ይታይሽ እልል ብላ፣ "መሪጌታ፣ ይቺን ልጅ ለማንም እንዳይድሯት፤ የፓምፑ ናት" አለች። ብርቄ ሁለት ጣሳ ጠጣች። እናቴ እጄን ይዛ አልለቀቀችኝም።

ሊቀመንበሩ ግን መፍቻውን መልሶ ሊቆልፍበት ወሰደ። ይኸም ቆዳ አንድ ቀን ያልቃል። እንስራዬን አዝዬ ወደ ቤት ገባሁ።

ነገ ቢሮው እሄዳለሁ። መፍቻው ውኃ ቀጂዎቹ ሴቶች ዘንድ ይቀመጥ እለዋለሁ፤ ቆዳ አቆራረጡንም አስተምራቸዋለሁ። አባቴን አላስከትልም።