አደራ በላው አስጎብኚ

አድሜ፣ የልጄ አባት፣

ከተለየኸኝ ይኸው አራተኛው በረዶ ጣለ። እንዴት ነህ ብዬ አልጠይቅህም፤ አንተ ባለህበት ብርድም ሕመምም የለም ይላሉ። እኔ ደህና ነኝ። እንዲያውም ሰሞኑን ደስ ብሎኛል፤ ደስታዬ ግን የክርስቲያን ደስታ ስላልሆነ ለንስሐ አባቴ አልነገርኳቸውም። ላንተ ልንገርህ። ስንታየሁን አዋረድኩት።

መጀመሪያ የቤቱን ወሬ ላድርስህ። አሁንም እዚያው ቶሮንቶ፣ ፍሌሚንግደን ፓርክ፣ አስራ አንደኛ ፎቅ ነን። ሊፍቱ እንደ ድሮው በሳምንት አንዴ ይበላሻል። ሰላም ዩኒቨርሲቲ ገብታለች። በአማርኛ ስጠይቃት በእንግሊዝኛ ትመልስልኛለች፤ ስትናደድ ግን አማርኛዋ ይመጣል፣ ያውም ያንተ አማርኛ። ካፖርትህን ለማንም አልሰጠሁም። የጎረቤታችን የጉያናዊቷን በር ቡናማ ቀለም ቀቡት፤ እኔ ግን ዛሬም በዚያ ሳልፍ በልቤ የጻድቁ ዮሐንስ ቤተ መጻሕፍት እላለሁ።

ያን ክረምት መቼም አልረሳውም። ሐኪሙ በየቀኑ ተራመድ ብሎህ፣ ውጪው በረዶ ሆኖብህ፣ ኮሪደሩን ጎንደር አደረግኸው። የሊፍቱ በር የነገሥታቱ ግቢ ዋና በር ሆነ፤ የልብስ ማጠቢያው ክፍል የፋሲል መዋኛ። ግድግዳውን ተደግፈህ፣ ትንፋሽህ እየተቆራረጠ፣ በወጣትነትህ ፈረንጆቹን ታስጎበኝ እንደነበረው እኔንና ሰላምን ከኋላህ አስከትለህ ትሄዳለህ። አንድም በር ሳትናገርለት አታልፍም። ዳር ያለው መስኮት ጋ ስንደርስ ከከተማው ወጥተን ወለቃ ገባን ማለት ነው፣ የቤተ እስራኤሎቹ መንደር። እዚያ ድምፅህን ዝቅ ታደርጋለህ። ቅዳሜ ሰንበታቸው ስለሆነ እንግዳ አይወሰድም፤ ሌላ ቀንም ከመንደሩ ዳር ቆመህ ትጣራለህ እንጂ ሳይጠሩህ አትገባም፤ ገብተህም ሰው አትነካም፤ የውጭ ሰው ከነካቸው መታጠብ ይኖርባቸዋልና። ይህን ሁሉ እንደ ጸሎት ነበር የምትናገረው፤ ዙሪያዋን ድንጋይ የተደረደረባትን የዳሯን ጎጆ ብቻ ጠቅሰህ፣ ምን እንደሆነች ሳትናገር ታልፋለህ።

ስንታየሁም ይህን ሁሉ ሰማ። እሑድ እሑድ ከስካርቦሮ እየነዳ መጥቶ «ጋሽ አድማሱ፣ ዛሬ የት ደረስን?» እያለ ከኋላችን ይሰለፋል። እኔ ደግሞ ወጥ ሠርቼ አበላው ነበር፤ ሆዴን ይቁረጠውና! ሱዳን ካምፕ ውስጥ አብሮን የተራበ፣ የሰላም የክርስትና አባት፣ እንዴት ልጠርጥረው? ደርግ ወድቆ መንገዱ ሲከፈት የዚህን አገር ሰዎች ወስደህ ጎንደርን በእግር ልታሳይ አስበህ ነበር። ሕመሙ ቀደመህ። አልጋ ላይ ሆነህ እጁን ይዘህ ሁለት ነገር አደራ አልከው፤ መንገዱን ከሄደበት የማን መንገድ እንደሆነ እንዲናገር፣ ሰላምንም አንድ ቀን ይዟት እንዲሄድ። ጉልበትህን ስሞ «የእናቴ አጥንት ይውጋኝ» ብሎ ማለልህ። እኔ እዚያው እግርህ ሥር ቆሜያለሁ።

በአርባህ ዕለት፣ በቤተ ክርስቲያኑ አዳራሽ፣ ሰዉ ዝክርህን እየቀመሰ ሳለ ከጥግ ቆሞ ወረቀት ሲያድል አገኘሁት። ጎንደርና የአይሁድ መንደሯ፣ በእግር፣ ከስንታየሁ ጋር፤ አያቱ ያወረሱት መንገድ ይላል። አያቱ እኮ የወሎ ሰው ናቸው! ጎንደርን በዓይናቸው አላዩም። ወረቀቱን ገልብጬ አየሁት፤ ስምህ የለም። ወረቀቱን አጥፌ ቦርሳዬ ውስጥ ከተትኩት። ቂም ይዞ ጸሎት፣ ሳል ይዞ ስርቆት አይሆንም ይባል የለ? እኔም ጸሎቱን ተውኩት።

ካቻምና የመጀመሪያውን ቡድን ይዞ ሊሄድ ሲል ደወለልኝ። «እትዬ አስቴር፣ ኩዊክ ጥያቄ ነው» አለኝ። «ጋሽ አድማሱ ወለቃ ዳር ያለችውን ጎጆ፣ ዙሪያዋን ድንጋይ የተደረደረባትን፣ ምን ነበር የሚላት? ሁሌ ሳይናገር ነው የሚያልፋት፤ እኔ ደግሞ ለቱሪስቶቹ ኤክስፕሌን ማድረግ አለብኝ።»

ለምን ሳትናገር እንደምታልፋት እኔ አውቃለሁ። ሴቶቹ የወር አበባቸው ሲመጣ ከሰው ተለይተው የሚቀመጡባት ጎጆ ነበረች፤ የድንጋዩም ክብ ወንድ ከዚህ እንዳያልፍ ነው። አንተ ያኔ እዚያ ስታስጎበኝ የሰው ገመና ለእንግዳ አልዘራም ብለህ፣ ኮፍያህን አውልቀህ፣ መሬት መሬት እያየህ ታልፍ ነበር። የነገርከው ለእኔ ብቻ ነው። ለስንታየሁ ታዲያ አልዋሸሁትም። «አድማሱ እዚያ ሲደርስ ኮፍያውን ያወልቅ ነበር» አልኩት። «ዋው፣ ሆሊ ፕሌስ ነው በይኛ!» አለ። «እኔ ምን አውቄ» አልኩና ስልኩን ዘጋሁ። ከዚያ ሽንኩርቴን እያቁላላሁ ብቻዬን ሳቅሁ። አንተ ከሄድክ ወዲህ እንደዚያ ስቄ አላውቅም።

ተመልሶ መጣና፣ ለሚቀጥለው ጉዞ ሰው ለመመዝገብ በሕዝብ ቤተ መጻሕፍት አዳራሽ ስላይድ ሊያሳይ ተነሣ። እኔንም ጠራኝ፤ አለማፈሩ! ብቻዬን ግን አልሄድኩም። ከሰላም ጋር እማማ ያልጋነሽን ይዤ ሄድኩ። እሳቸውን አታውቃቸውም። ወለቃ የተወለዱ የሸክላ ሠሪ ልጅ ናቸው፤ መጀመሪያ እስራኤል፣ ኋላም ልጃቸውን ተከትለው እዚህ ቶሮንቶ መጡ። በርበሬ ስንገዛ ነው የተዋወቅነው። ስላንተ ስነግራቸው «ያ ከዳር ቆሞ የሚጣራው ቀጭኑ ልጅ?» አሉኝ። እዚያው ሱቁ ውስጥ አለቀስኩ።

አዳራሹ ሞልቷል፤ ጡረታ የወጡ አስተማሪዎች፣ ከባተርስት ጎዳና የመጡ አይሁዶች፣ ጥቂት የእኛም ሰዎች። ግቢው ታየ፣ መዋኛው ታየ፤ የሚናገረው ያንተን ቃል ነው፣ ቀልድህን እንኳ አላስቀረም። ሰዉ ሲስቅለት ጥርሴን ነከስኩ። ከዚያ ወለቃ መጣ። ቤቶቹ ባዷቸውን ቀርተዋል፤ ሰዎቹ ሁሉ ወደ እስራኤል ሄደዋል። ቀጥሎ ያቺ ጎጆ መጣች፣ ግማሿ ፈርሳ። ውስጧ ሽማግሌ ፈረንጆች ኮፍያቸውን በእጃቸው ይዘው፣ ዓይናቸውን ጨፍነው ቆመዋል፤ መሐላቸው ስንታየሁ ሁለት እጁን ወደ ሰማይ ዘርግቷል። «ይህ የካህናቱ ስውር ጸሎት ቤት ነው» አለ በእንግሊዝኛ። «ሴት አትገባበትም ነበር።»

ሰላም በጆሯቸው ስትተረጉምላቸው እማማ ያልጋነሽ በነጠላቸው አፋቸውን ሸፈኑ። ቀጥለው ተነሡ። «ልጄ፣ እኔ እዚያ ጎጆ በየወሩ ሰባት ሰባት ቀን ተቀምጬበታለሁ፤ የወር አበባ ቤታችን ነው» አሉ። «ወንድ ሲገባበት ያየሁት ገና ዛሬ ነው።» ሰላም ለአዳራሹ አንድ ቃል ሳታስቀር ተረጎመችው። አንዲት ሴትዮ መሳቅ ጀመረች፣ ሳቁ እስከ ኋላ ወንበር ደረሰ። ከሥዕሉ ሰዎች አንዱ ፊት ለፊት ተቀምጦ ኖሮ ኮፍያውን ጭኑ ላይ ያገላብጣል። እማማ ያልጋነሽ ግን አልጨረሱም፤ ይህን መንገድ ማን እንዳሳየው ጠየቁት። ላቡን ጠረገና «አያቴ» አለ። በዚያች ሰዓት እንኳ ስምህን ቢጠራ ኖሮ እተወው ነበር፤ እውነቴን ነው።

የሸፈንከው ገመና በአዳራሽ መውጣቱ ደስ እንደማይልህ አውቃለሁ። ስንመለስ እማማ ያልጋነሽን ይቅርታ ብጠይቃቸው «እኔ ምን አሳፈረኝ፣ ይፈር እሱ» አሉኝ።

ከዚያ ወዲያ ወሬው ከስካርቦሮ እስከ ሴንት ጄምስ ታውን ደረሰ። የተመዘገቡት ስማቸውን ሰረዙ፤ የቀሩትም መንገዱ የማን ነው ብለው ይጠይቁት ጀመር፤ እኔ ነኛ ያስጠየቅሁት። መውጫ ሲያጣ ሽማግሌ ላከ። ሦስት ሽማግሌዎች ቅዳሜ ጠዋት ጫማቸውን በር ላይ አውልቀው ገቡ፤ እሱ ከኋላቸው። ድንጋይ ተሸክሞ መምጣት የነበረበት ሰው ኬክ ተሸክሞ መጣ። «ቢዝነሴን ገደለችው፤ አፏን ታሳርፍልኝ» አለ ገና ሳይቀመጥ። ሽማግሌዎቹ እሱን ገሥጸው፣ እኔን የሟች መንፈስ እርቅ ይወዳል ብለው ለምነው፣ በመጨረሻ ካሳሽን ጥሪ አሉኝ። ገንዘብ የምጠራ መስሏቸዋል።

«ሰላምን ይዟት ይሂድ» አልኳቸው። «ደግሞም በሄደ ቁጥር፣ ጎንደር ግቢው በር ላይ፣ ጉብኝቱ ሳይጀመር፣ በሰው ሁሉ ፊት እንዲህ ይበል፤ ይህ መንገድ የአድማሱ ነው፣ ሲሞት አደራ ሰጠኝ፣ አደራውን በላሁ።»

ትልቁ ሽማግሌ «ልጄ፣ ይህ እኮ ሰው ይሰብራል» አሉኝ። እኔም ለዚያው ነው አልኳቸው። መንገዱን ብቻ ይናገር፣ አደራ በላ የሚለው ይቅርለት ብለው ረጅም ሰዓት ለመኑኝ። ንቅንቅ አላልኩም። ስንታየሁ ፊቱ አመድ መስሎ አንዴ እኔን አንዴ ሰላምን ያያል። በመጨረሻ መስቀል ይዞ ማለ። ኬኩን ይዞ እንዲመለስ አደረግሁ።

በገና እረፍቷ ሄዱ። ሰላም ከጎንደር ደወለችልኝ፤ መስመሩ ይቆራረጣል። «ማሚ፣ አለው» አለች። «ግን በእንግሊዝኛ፣ ሹክሹክ ብሎ፣ ቱ ፋስት።» ደሜ ሊፈላ ሲል ቀጠለች። በሩ ላይ ያንተ ጊዜ አስጎብኚዎች ተቀምጠው ኖሯል፣ እንግሊዝኛ የማያመልጣቸው ሽማግሌዎች። አንደኛው ስምህን ሲሰማ ብድግ አለና የትኛው አድማሱ ብሎ ጠየቀው። ሰላም ልጁ መሆኗን ስትነግራቸው አገላብጠው ሳሟት። ከዚያ ወደ ስንታየሁ ዞሩ፤ በአማርኛ ድገመው አሉት። ደገመው። አልሰማንም፣ ጮክ በል አሉት። ቲኬት ቆራጩ ሳይቀር ከክፍሉ ወጥቶ ሰማ። ማታውን የሆቴሉ ዘበኛ «አደራ በላው፣ ደህና አመሸህ?» አለው አሉ።

ሰላም ግን አልሳቀችም። «አለቀሰ እኮ፤ ኢናፍ ነው፣ ይቅር በይው» አለችኝ። ልቧ ያንተ ነው፤ ማንም ሲያለቅስ አትችልም። እኔ ያየሁት እንባ ያንተን ነው፤ እጁን ይዘህ ስትለምነው ጉንጭህ ላይ የወረደውን።

አሁን ሌላ ቡድን እያሰባሰበ ነው፤ ከዚህ ሌላ እንጀራ የለውማ። ለሁሉም ተጓዥ በሩ ላይ ጆሯችሁን አቅኑ ብዬ እየነገርኩ ነው። አልረሳህም አድሜ፤ እሱም እንዲረሳህ አልፈቅድለትም። ሌላዋ ሚስት ለባሏ ሻማ ታበራለች። እኔም አበራለሁ። ሻማ ግን ያልቃል፤ ስንታየሁ ገና አርባ ሁለት ዓመቱ ነው።

ያንተው
አስቴር