እማ የማትጠራው ስም

ዓርብ፣ አዲ 2
የአዲ ወር የመጀመሪያው ዓርብ ነውና ቤቱ በሴት ጢም ብሏል። የአምላካችንን የላሊታን ሺህ ስሞች ስናዜም ረፈደ። የምትመራው እማ ናት፣ አማቴ። "ካሜሽዋራ" የሚለው የላሊታ ባል ስም ሲደርስ... እህህ! ሳሏን ለቀቀችው። የእማ ባል የአባባም ስም ካሜሽዋራን ነዋ! የባሏን ስም የጠራች ዕድሜውን ታሳጥራለች።
ጎረቤታችን ኮማላ፣ "አላመሉ፣ ይሄ ሳልሽ ቦታ ይመርጣል ልበል?"
አባባ በረንዳ ላይ ጋዜጣቸውን ይዘው፣ "ምን ያስቃችኋል?"
ማን ይንገራቸው!

ማክሰኞ፣ አዲ 6
አባባ ወደቁ። አንጎላቸው ውስጥ ደም ፈሷል አሉ። ሆስፒታል ነን። ዓይናቸውን አልገለጡም።

ሐሙስ፣ አዲ 8
ሐኪሙ፣ "ሊሰሙ ይችላሉ። በስማቸው ጥሯቸው፤ በተለይ ባለቤታቸው" አለ። እማ ጎንበስ ብላ፣ "ይሰማሉ?... ይሰማሉ?" ዕድሜዋን ሙሉ የጠራቻቸው እንዲህ ነው። ነርሷ ግራ ገባት። "እናቴ፣ ይሄማ ለማንም ይሆናል! በስማቸው!"
ኮሪደር ላይ አለቀሰች። "ብጠራቸው ይሞቱብኛል፣ ባልጠራቸው ይሞቱብኛል። ምን ይሻለኛል ብሪንዳ?"
ምን ልበላት? እኔ ባሌን ራጉ፣ ራጉ ስል ነው የምውለው። የአባባን ስም ግን እኔም አልደፈርኩም።

ዓርብ፣ አዲ 9
ዓርብ አይታጎልም ብላ አልጋው አጠገብ ጀመረች። ቀስ ብላ። እኔ እከተላለሁ። "የካሜሽዋራ የሕይወቱ ሥር" ከሚለው ስም ስንደርስ ሳሉን ጠበቅኩ። የለም። ከዚያ ጮክ ብላ ጠራችው። ደገመችው። ከዚያማ ጸሎቱን ትታ፣ "ካሜሽዋራን!"
ነርሷ ሮጣ መጣች። የአባባ ቅንድብ ተንቀሳቀሰ... ዓይናቸው ተገለጠ። ያዩት እማን ነው።
እሷ ደንግጣ አፏን በሳሪዋ ጫፍ ሸፍናለች። "የላሊታን ባል ስም ነው የጠራሁት፣ የእርስዎን አይደለም!"
ኧረ እማ! አንቺን የሰጠኝ አምላክ ይመስገን። አቅፌ ሳምኳት።

ዓርብ፣ አዲ 30
አባባ ቤት ናቸው። ግራ እጃቸው ገና ነው፤ ምላሳቸውም ይከብዳል። ዛሬ በረንዳውን ትተው እኛ መሃል ወንበር አስቀመጡ። "ወንድ እዚህ ምን ይሠራል?" አለች ኮማላ። አባባ ተመቻችተው ተቀመጡ።
ስሙ ደረሰ። እማ ጥርት አድርጋ አለችው።
አባባ ቀና ብለው፣ "አ... ቤት!"
ሴቱ ሁሉ በሳቅ ፈረሰ። ዜማው ጠፋ። እማ ፊቷ ቀልቶ፣ "አርፈው አይቀመጡም? ጸሎት አበላሹብን!"
የቱ ጋ ነበርን? ማንም አላስታወሰም። እሷ ግን ጉሮሮዋን አጥርታ ከዚያው ከስማቸው ጀመረች።