ደጃፋቸው ላይ የሰሙትን ድምፅ ለመረዳት እንግሊዝኛ የተማሩት የዶክተር ክንፈሚካኤል ይሄይስ ሕይወት

ዶክተር ክንፈሚካኤል ይሄይስ ከአባታቸው ከመሪጌታ ይሄይስ ተገኝ እና ከእናታቸው ከወይዘሮ ወለተ ሐና በ1914 ዓ.ም. ቡሬ አጠገብ፣ ፈጣም ወንዝ ዳር ተወለዱ። ፊደልና ዳዊት ከአባታቸው ተምረው ቅኔ ፍለጋ እየዞሩ ሳለ ጣሊያን ጎጃም ገባ።

በ1930 ዓ.ም. የጠላት ጦር መንደራቸውን ሲያቃጥል መሪጌታ ይሄይስ ተገደሉ። ትንሿ እህታቸው ንግሥቴም ወደ ወንዙ ስትሮጥ ታይታ ደብዛዋ ጠፋ። ክንፈሚካኤል ትምህርታቸውን ትተው፣ በተቃጠለው ቤት ፈንታ ጎጆ ቀልሰው ከእናታቸው ጋር ተቀመጡ። ከዚያ ወዲህ ሲመሻሽ ከፈጣም ማዶ የልጅ ድምፅ ይሰማ ጀመር። ጎረቤቱ ጅብ ነው ይበል እንጂ፣ ጀንበር ካዘቀዘቀች ውኃ የሚወርድ አልነበረም። ወይዘሮ ወለተ ሐና ለልጃቸው ለቅሶ አልተቀመጡም፤ በራቸውንም አይዘጉም።

በ1933 ዓ.ም. ጠላት ቡሬን ለቆ ሲወጣ፣ ከአርበኞች ጋር የመጣ አርተር የሚባል እንግሊዛዊ መቶ አለቃ እግሩን ቆስሎ ከአስተርጓሚው ጋር እነሱ ቤት አረፈ። ከደረት ኪሱም ፎቶግራፍ አውጥቶ አሳያቸው። ነጭ ቀሚስ የለበሰች ሕፃን ወንበር ላይ ተቀምጣለች። ወይዘሮ ወለተ ሐና ትክ ብለው አይተው፣ "ይህች ልጅ እኮ ሞታለች" አሉ።

መኮንኑ ደነገጠ። በአስተርጓሚው በኩል እንዳስረዳው፣ ሕፃኗ የአያቱ እህት ነበረች። በንግሥት ቪክቶሪያ ዘመን የሞተን ልጅ እንደ ሕያው አስቀምጦ ፎቶግራፍ ማንሳት የተለመደ ነበርና፣ የሚታየውን ዓይን በተከደነው የዓይኗ ቆብ ላይ ሠዓሊ ሥሎላት ኖሯል።

"እንግዲያው ያውሱኝ" አሉ ወይዘሮ ወለተ ሐና። "የልጄ ልብስ ከቤቱ ጋር ተቃጥሏል። አልጋ ላይ አኑሬ የማለቅስበት ነገር የለኝም።"

በማግስቱ ፎቶግራፉ አልጋ ላይ ተቀምጦ ለንግሥቴ ተለቀሰ። መኮንኑም ከለቀስተኛው መሐል ቆሞ አነባ። ያን ዕለት ጀንበር ስትጠልቅ ድምፁ መጣ፤ ከማዶ ሳይሆን ከደጃፉ። አማርኛም አልነበረም። የመኮንኑ ፊት አመድ መሰለ። ክንፈሚካኤል ምን እንዳለች ቢያስጠይቁት፣ "የአያቴን ስም ጠራች" ብሎ የቀረውን ሳይናገር ቀረ። ሲነጋ ፎቶግራፉን ትቶ ከጦሩ ጋር ሄደ።

የቅኔ ተማሪ የሰማው ቃል አይጠፋውም። ክንፈሚካኤል የማያውቁትን ቋንቋ በቃላቸው እንደያዙ ፍኖተ ሰላም፣ ኋላም አዲስ አበባ ገብተው ተማሩ። እንግሊዝኛው ሲገባቸው ድምፁ ያለው "በርዶኛል፤ አሁንስ ልግባ?" ኖሯል። ለእናታቸው ይህንኑ ቢነግሯቸው፣ "ታዲያ ማን ከለከላት? በሩ ክፍት አይደል?" አሏቸው።

በ1951 ዓ.ም. እንግሊዝ አገር የቪክቶሪያ ዘመንን የሐዘን ሥነ ጽሑፍ ከጎጃም ለቅሶ ጋር አስተያይተው ዶክትሬታቸውን አገኙ። ወደ አገራቸው ተመልሰው ጡረታ እስኪወጡ በዩኒቨርሲቲ አስተማሩ። አንዱ ሕዝብ የሌላውን ሙት አይቶ ለምን እንደሚፈራ፣ ለምንስ እንደሚያለቅስ ሲመረምሩ ኖሩ። በ1954 ዓ.ም. ከወይዘሮ አቻምየለሽ ተስፋው ጋር ተጋብተው ዓባይነሽንና እንዳለውን ወለዱ።

በኩላሊት ሕመም ሲታከሙ ቆይተው ኅዳር 12 ቀን 1997 ዓ.ም. ከዚህ ዓለም ተለዩ። ባለቤታቸው፣ ልጆቻቸውና የልጅ ልጆቻቸው ቀርተዋል። ከማረፋቸው በፊት ልጃቸውን ዓባይነሽን አስጠርተው፣ "ድምፃችሁን ከፍ አድርጋችሁ አልቅሱልኝ፤ መሄዴን ልወቅ" ብለዋታል። ወገኖች ሆይ፣ እንዳሉት እናድርግላቸው። አምላክ ነፍሳቸውን ብርድ በሌለበት ያሳርፍልን።