ያቆየሁት መርዶ

ለውድ ወንድሜ ለጋሼ ሥዩም፤

ለጤናህ እንደምን ሰንብተሃል? ወገብህስ ተሻለህ ወይስ አሁንም መጋዘኑ ውስጥ ጆንያውን ራስህ ነህ የምታነሳው? ባለቤትህ ብርሃኔስ እንዴት ናት? ልጃችሁ ሀሴትስ ስንተኛ ክፍል ገባች? እኔ በአካሌ ደህና ነኝ፤ በልቤ ግን ደህና አይደለሁም። የእማዬን ጤና ያልጠየቅሁህ ረስቼ አይደለም፤ ኋላ እመጣበታለሁ። ይህን ደብዳቤ የሚያደርስልህ ኪዳኔ ነው፤ እዚህ አንድ ቤተ ክርስቲያን የምንሳለም የደሴ ልጅ ነው። በስልክ ያልነገርኩህ ስልክ ላይ ስለምታመልጠኝ ነው።

የማስታምማቸውን ሽማግሌ አውርቼልሃለሁ። ሚስተር ያን ይባላሉ፣ ሰማንያ ዓመታቸው ነው፣ ሆላንዳዊ ናቸው። ዕድሜያቸውን ሙሉ ድራም መቺ ነበሩ። ሮተርዳም በምትባል የወደብ ከተማ የብስኩት ቆርቆሮ እየደበደቡ ጎረቤት ሲያስመርሩ አድገው፣ ከጦርነቱ በኋላ የአሜሪካ ወታደሮች በሚዝናኑበት ክበብ ጃዝ መምታት ጀመሩ። ከዚያ ፓሪስ፣ ኮፐንሃገን፣ ስቶክሆልም። ከአሜሪካ ብቻውን የመጣ ሙዚቀኛ አጃቢ ሲፈልግ የሚያስጠራው እሳቸውን ነበር። ሸክላዎቹን አሳይተውኛል፤ ከፊት የሌላ ሰው ፎቶ አለ፣ የእሳቸው ስም ከጀርባ በደቃቅ ፊደል ተጽፏል። ይሄ አይቆጭዎትም ወይ ብላቸው፣ ድራም መቺው ጎልቶ ከተሰማ ተሳስቷል ማለት ነው ብለው ሳቁብኝ። ኋላ አሜሪካዊት አግብተው ወደዚህ ወደ አሜሪካ መጡ። ከዚህ ብዙም በማትርቀው አሌክሳንድሪያ በምትባል ከተማ አንድ ምግብ ቤት ቅዳሜ ቅዳሜ ሲመቱ ኖረው፣ ሚስታቸው ከሞቱና ልባቸው ከታመመ ወዲህ ተዉት።

ከዚያ ሁሉ ሥራ የቀረቻቸው አንዲት ነገር ነበረች። ፒት የሚባል አርባ ዓመት አብሯቸው የዞረ ቤዝ ተጫዋች እሑድ እሑድ ከሮተርዳም ይደውላል። እሱ እዚያ ስልኩን ወንበር ላይ አስቀምጦ ይጫወታል፤ እሳቸው እዚህ የወጥ ቤቱ ጠረጴዛ ላይ ጋዜጣ ዘርግተው፣ የሽቦ መጥረጊያ በሚመስሉ መምቻዎቻቸው ጋዜጣውን ይዳብሱታል። ሩብ ሰዓት አይሞላም። ሲጨርሱ፣ አሁን ተራው ያንቺ ነው፣ ለእናትሽ ደውዪ ይሉኛል። ስደውልላችሁ የኖርኩት በእሳቸው ስልክ ነው።

ነሐሴ መጨረሻ ላይ፣ ማክሰኞ ቀን፣ የፒት ልጅ ደወለች። ሚስተር ያን ገላቸውን እየታጠቡ ስለነበር ያነሳሁት እኔ ነኝ። አባቷ ሞቷል። ቀብሩ ሐሙስ ነው፤ በእናንተ ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ ይደውሉ፣ ስልኩን ሣጥኑ አጠገብ እናደርግላቸዋለን አለችኝ። እሺ እነግራቸዋለሁ አልኳት። ጋሼ፣ እንዴት ብዬ ልንገራቸው? ልባቸውን ኦፕራሲዮን የተደረጉ ሽማግሌ፣ ብቻቸውን፣ በፎጣ ተጠቅልለው ሲወጡ? እኛ ቤት መርዶ እንደዚያ አይነገርም። በማለዳ፣ ሰው ተሰብስቦ፣ ደግፎ የሚይዝ አጠገብ ኖሮ ነው። አሌክሳንድሪያ ያለችው ልጃቸው ለሦስት ሳምንት እረፍት ወጥታ ነበርና እስክትመለስ ብዬ ያዝኩት። ሐሙስ ሦስት ሰዓት ላይ የአጃ ገንፎ እያበላኋቸው ነበር።

እሑድ ስልኩ አልጮኸም። ጋዜጣውን ዘርግተው ጠበቁ። መስመሩ ተበላሽቶ ይሆናል አልኳቸው። በሁለተኛው እሑድ፣ ልጁ ደውላ ነበር፣ ገጠር ሊያርፍ ሄዷል ብላለች አልኳቸው። መልሳ ከደወለች ሰላም በይልኝ አሉኝ፤ እሺ አልኩ። በሦስተኛው እሑድ ራሳቸው ደወሉ። ልጅቷም ያን ጊዜውኑ ለአስታማሚዎ ነግሬያለሁ አለቻቸው።

ስልኩን ዘጉ። ቀድሞ የሞተውን የቀረው እየተጫወተ ሊሸኘው ተማምለው ነበር፤ ይህን የነገሩኝ ያን ዕለት ነው። ሦስት ሳምንት ሙሉ ደብቀሽኝ ለሞተ ሰው ሰላምታ አስላክሽኝ አሉኝ። አልጮኹም፤ ቢጮኹብኝ ይሻለኝ ነበር። እግራቸው ላይ ወደቅሁ። የአገሬ ደንብ ነው፣ ለእርስዎ ብዬ ነው አልኩ። የፈራሽው ለራስሽ ነው አሉኝ። መምቻዎቹን ቆሻሻ ውስጥ ጣሏቸው፤ አውጥቼ ጠርጌ መሳቢያ ውስጥ አስቀምጫቸዋለሁ። ይኸው ወር ሊሞላ ነው፣ ጨዋታ የለ፣ ምግብ ከሁለት ጉርሻ አያልፍም። ልጃቸው አላባረረችኝም፤ ትቆይ ያሉት እሳቸው ናቸው አለችኝ። እሱ ደግሞ ይብስብኛል። ፊታቸውን ሳይ መግቢያ ይጠፋኛል።

አሁን ወደ እማዬ ልምጣ። ለሚስተር ያን የዋሸኋቸውን ቃላት ሳወጣ ሳወርድ ሰንብቼ፣ ያንተ ቃላት ሆነው አገኘኋቸው። ለፍልሰታ ስደውል ተኝታለች አልከኝ። ለእንቁጣጣሽ ጸበል ሄዳለች አልከኝ። ለመስቀል መስመሩ ጥሩ አይደለም፣ አይሰማትም አልከኝ፤ ያንተን ድምፅ ግን አጥርቶ ያመጣው ነበር። ባለፈው ሀሴት አነሳችው። እማዬን ስጪኝ ስላት ትንፋሿ ብቻ ይሰማኛል። ቀምተሃት፣ ጋሽ ደሳለኝ ሰላም ይሉሻል አልከኝ። የዕድራችን ዳኛ በሥራ ቀን እኛ ቤት ምን ይሠራሉ? በደወልኩ ቁጥር እማዬን ሰላም በልልኝ እልሃለሁ። እሺ ትለኛለህ።

ባለፈው ቅዳሜ ጠዋት በሬ ሲንኳኳ ኪዳኔና ሚስቱ ሰው አስከትለው ሊያረዱኝ የመጡ መሰለኝ። ፖስተኛ ነበር። እንዲህ ሆኜ መኖር አልቻልኩም። ታማ ከሆነ ንገረኝ፣ ድምፅዋን ልስማ። ሞታ ከሆነም ንገረኝ። ሰው አትሰብስብብኝ፣ ማለዳም አትጠብቅ፤ ሥራ ላይ ልሁን አውቶቡስ ውስጥ ልሁን ግድ የለኝም። ለእኔ ብለህ እንደሆነ አውቃለሁ። እኔም ለእሳቸው ብዬ ነበር።

ብርሃኔን ሳምልኝ። ለጋሽ ደሳለኝ አክብሮቴን አድርስልኝ። ሀሴትን በኔ ምክንያት አትቆጣት፤ ያልዋሸችኝ እሷ ብቻ ናት። ለእማዬ ሰላምታ አልላክሁም። በሕይወት ካለች፣ ለምን ረሳሽኝ ብላ ራሷ ደውላ ትቆጣኝ።

እህትህ ስሂን
ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሜሪላንድ
ጥቅምት 4 ቀን 1999 ዓ.ም.